በገና ሰሞን ያጠብኩት እግር

እሳት እፈራለሁ። ጧፍ ሠርታ የምትኖር ሴት እሳት ትፈራለች ቢሏችሁ ታምናላችሁ? ላሊበላ ውስጥ ሰም ፀሐይ ላይ አለስልሼ፣ ለፈትል አልብሼ ጧፍ እሸጣለሁ። የሠራሁትን ጧፍ ግን አንድ ቀን እንኳ በእጄ ለኩሼ አላውቅም። ደንበኞቼ «አንቺ ደግሞ ጉድ ነሽ» እያሉ ይስቁብኛል፤ እኔም አብሬ እስቃለሁ። የማያስቀውን ክፍል ግን ለማንም አጫውቼ አላውቅም። ዛሬ ለእናንተ ልንገራችሁ።

ያኔ አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። የተወለድኩት ዋድላ ውስጥ፣ ከኮን ከተማ የሁለት ሰዓት መንገድ በምትርቅ የገበሬ መንደር ነው። እናቴ ገና ሕፃን ሳለሁ ስለሞተች አባቴ ሌላ ሳያገባ ብቻውን አሳደገኝ። አባቴ ብዙ አይናገርም። የሚናገረው ሲቆጣ ነው፤ ሲቆጣ ደግሞ ድምፁ ማዶ ያለውን ሰው ያስደነግጣል። ዱላ ያነሳብኝ በዕድሜዬ ሁለት ጊዜ ብቻ ነው፤ ከዱላው ይልቅ የምፈራው ድምፁን ነበር። በመልክ አንመሳሰልም። አንድ ነገር ብቻ ከእሱ ወርሻለሁ፤ የግራ እግሬ ሁለተኛ ጣት አውራ ጣቴ ላይ ወጥታ ትቀመጣለች። የእሱም እንዲሁ ናት። የመንደራችን ሴቶች ወንዝ ስንወርድ ይቺን ጣት እያዩ ሲያላግጡብኝ አደግሁ።

ታኅሣሥ ገብቶ ገብሱ ታጭዶ ተከምሯል፤ አውድማውም በእበት ተለቅልቆ ደርቋል፤ በማግስቱ ውቂያ ሊጀመር ነው። የእኛና የአጎቴ የዓመት እህል ጎን ለጎን ቆሟል። ያን ዕለት ጠዋት ቤት ውስጥ ክብሪት አለቀ። እኛ ሰፈር ክብሪት ሲያልቅ ሱቅ አይኬድም፤ ጎረቤት ሄዶ እሳት መጫር ነው። የተሰበረ የእንስራ ገል ይዤ ሄድኩ፤ ሁለት ፍም ተሰጠኝ፤ እንዳይጠፋብኝ ኩበት ጣል አድርጌበት ተመለስኩ።

እሳት የያዘ ሰው በአውድማ በኩል አያልፍም። ዞሮ ነው የሚሄደው። ይህን የአምስት ዓመት ልጅም ያውቀዋል፤ እኔም አሳምሬ አውቀዋለሁ። ግን ብርዱ አጥንት ይሰብራል፣ ገሉ እጄን መፍጀት ጀምሯል፣ ዙሪያው ደግሞ ሩቅ ነው። አቋረጥኩ። ክምሩ አጠገብ ስደርስ ገሉ ጨርሶ አልያዝ አለኝና እጄን እፍ እፍ እስክል መሬት አስቀመጥኩት። ነፋሱ ያቺን ደቂቃ ሲጠብቅ የቆየ ይመስል መጣ።

ፍሟ ገለባው ላይ ስታርፍ አየኋት። በነጠላዬ ላዳፍናት ተወረወርኩ፤ ነጠላዬ ተያያዘ። ከዚያ በኋላ የማስታውሰው የእሳቱን ድምፅ ነው፤ ዝናብ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ እንደሚሰማው ያለ ድምፅ። ነጠላዬንም ገሉንም እዚያው ጥዬ ከባሕር ዛፉ በስተጀርባ ወዳለው ገደል ወረድኩ። ሁለቱም ክምር ሲነድ ጭሱ ከላዬ አለፈ። ያኔ የአባቴን ድምፅ ሰማሁ።

«ዳሳሽ! ዳሳሽ! ዳሳሽ!»

እንደዚያ ሲጮኽ ሰምቼው አላውቅም። ሊገድለኝ ነው አልኩ። ተነሥቼ ሮጥኩ፤ ስሜ ከኋላዬ እየተከተለኝ ሮጥኩ።

በእግሬም በጭነት መኪናም ጋሸና ገባሁ። አንዲት ምግብ ቤት ሳህን እያጠብኩ፣ የተረፈውን እየበላሁ፣ ጓዳዋ ውስጥ ማዳበሪያ ላይ እየተኛሁ ሁለት ሳምንት ከረምኩ። ከኮን በኩል መኪና በመጣ ቁጥር ሳህኑን ጥዬ እደበቃለሁ። አንድ ቀን ምሳ ሰዓት ላይ ሁለት ሰዎች ሽሮ እየበሉ ሲያወሩ ከመጋረጃው ኋላ ሰማሁ።

«ያ ክምር የተቃጠለበት ሰውዬስ?»

«ኧረ እሱ ልጅቱን ፍለጋ ወጥቷል አሉ። ሳላገኛት ቤቴ አልገባም ብሏል።»

«ምን ሊያደርጋት?»

«እንጃለት። የሁለት ቤት የዓመት ቀለብ ነው እኮ!»

እጄ ላይ የነበረው ብርጭቆ አመለጠኝና ተሰበረ። ባለቤቲቱ ስትጮኽብኝ በጓሮ በር ወጣሁ፤ አልተመለስኩም።

መንገዱ በሰው ተሞልቷል። ገና ሊሆን አምስት ቀን ስለቀረው ነጭ የለበሰው ተሳላሚ ሁሉ በእግሩ ወደ ላሊበላ ይጎርፋል። በሁለት ማኅበር መካከል ገባሁ። ፊት ያሉት ከኋለኞቹ ጋር ነች አሉኝ፤ የኋለኞቹም የፊተኞቹ ልጅ አደረጉኝ። ማንም ማን ነሽ ሳይለኝ ሁለት ቀን ተጓዝኩ። ትልቅ ከተማ ነው፣ ሕዝብ መሐል እጠፋለሁ፣ ከዚያ አንዱ ቤት ሠራተኛ እሆናለሁ፤ ሐሳቤ ይኸው ነበር። ዳሳሽ የምትባል ልጅ ከእንግዲህ አትኖርም።

ላሊበላን የምታውቁ የከተማው ሰው ለገና የሚመጣውን እንግዳ እንዴት እንደሚቀበል ታውቃላችሁ። መግቢያው ላይ ሳፋ ይደረደራል፣ ውኃ ይሞቃል፣ ወጣቱም እናቱም መሬት ላይ ተንበርክኮ የመንገደኛ እግር ያጥባል። እኔ አላውቅም ነበር። አንዲት አምሳ ዓመት የሚሆናቸው ቀይ ሴት ክንዴን ይዘው ድንጋይ ላይ ሲያስቀምጡኝ የተያዝኩ መሰለኝ።

«አፈር ስሆን፣ እግርሽን ስጪኝ የኔ እመቤት» አሉ።

እናቴ የሚሆኑ ሴት እግሬ ሥር ተንበርክከው ሳይ እፍረቱ ፊቴን አጋየው። ሴትዮዋ ግን ጭቃውን ከጣቶቼ መሐል እየለቀሙ ያወራሉ።

«ምነዋ ይቺ ጣት! ታላቋ ላይ ፊጢጥ ብላለች! ስምሽ ማነው?»

«ትርንጎ።»

«አገርሽስ?»

«ጋይንት።»

«ስንቅሽ የታለ?»

«አለቀ።»

«ከረጢቱም አብሮ አለቀ?»

ቀና ብለው አዩኝ፤ ዓይናቸው ውስጥ ሳቅም ሌላ ነገርም ነበር። ከዚያ እግሬን አደረቁ፣ ጎንበስ ብለው ሳሙት። እትዬ አልጣሽ ይባላሉ። ጧፍ ነበር የሚሠሩት።

ቤታቸው ወሰዱኝ። ሰም ሰም በሚሸት አንድ ክፍል ውስጥ ዐሥራ አንድ እንግዳ ተኝቷል። ዳቦና ወጥ ሰጡኝ። ገና መጉረስ ስጀምር ግድግዳውን የተደገፉ አንድ ሽማግሌ «ልጄ፣ ጋይንት ናት አሉኝ፤ ከየትኛው ደብር ነሽ? እኔም ከዚያው ነኝ» አሉ። ጉርሻውን መልሼ ሳህኑ ላይ አኖርኩ።

«ይተዋት አባቴ፣ ደክሟታል» አሉ እትዬ አልጣሽ፣ ጀርባቸውን ሳያዞሩ። «ነገ ትነግርዎታለች።»

ነገን እየፈራሁ አደርኩ። ጠዋት ግን ሽማግሌው ሳይነቁ እትዬ አልጣሽ ቀሰቀሱኝ። «ትርንጎ፣ ተነሽ። ትናንት ታጥበሻል፤ ዛሬ ታጥቢያለሽ።» የራሳቸውን ነጠላ አከናነቡኝ።

እምቢ ማለት አልቻልኩም። የፈራሁት ግን ገባችሁ? ከዋድላም፣ ከሙጃም፣ ከየትም የሚመጣ ሰው ሁሉ በዚያ መግቢያ ነው የሚያልፈው። እኔን ደግሞ በሩ ላይ አስቀመጡኝ። ነጠላውን እስከ ቅንድቤ አውርጄ ተንበረከክሁ። አንድ ነገር ብቻ አጽናናኝ፤ እግር የሚያጥብ ሰው አንገቱን ቀና አያደርግም። እኔ ፊታቸውን አላይም፣ እነሱም የእኔን አያዩም። እስከ እኩለ ቀን ድረስ እግር ብቻ ሳይ ዋልኩ። የተሰነጠቀ ተረከዝ፣ ጥፍሩ የወለቀ፣ እሾህ የወጋው፣ ያበጠ። የአንዲት አሮጊት እግር እጄ ውስጥ እንደ ዶሮ ጫጩት ይንቀጠቀጥ ነበር። በየመሐሉ ፍርሃቴን ረስቼው አገኘሁት።

ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ውኃ የሚያመላልስ አንድ ጎረምሳ ከመንገዱ ጫፍ ጮኸ።

«ሳፋ አቅርቡ! የኮን ማኅበር መጣ!»

ጆጉን መሬት አስቀመጥኩ። «እትዬ፣ አሞኛል፣ ልሂድ» አልኩ።

«ምንሽን?»

«ሆዴን።»

«እነዚህን ጨርሰን አብረን እንሄዳለን» አሉና ትከሻዬን ጫን አደረጉት። ጎንበስ አልኩ። እግሮች መጡ። የማውቀው አነጋገር በላዬ ላይ ይመላለሳል። አንዷን ሴት በድምጿ ለየኋት፤ የጎረቤታችን እህት ናት። እግሯን ሳጥብ እንኳ እስትንፋሴን ዋጥ አድርጌ ነበር። ባርካኝ ሄደች። አንድ፣ ሁለት፣ አምስት፣ ዐሥር እግር። አለቀ ብዬ ላመሰግን ስል ዱላ ድንጋዩን ሲነካ ሰማሁ። ከማኅበሩ ወደ ኋላ የቀረ አንድ ሰው እያነከሰ መጥቶ ፊቴ ተቀመጠ። ሁለቱም እግሮቹ እስከ ቁርጭምጭሚቱ በጨርቅ ተጠቅልለዋል።

«እንኳን ለቤቱ አበቃዎ ጌታዬ። እግርዎን ይስጧት» አሉ እትዬ አልጣሽ።

ሰውዬው ዱላውን ጎኑ አኖረ። አሳለ ብቻ።

ከቀኝ ጀመርኩ። ጨርቁ ከቁስሉ ጋር ተጣብቋል። «ቀስ በይ፣ ለብ ያለ ውኃ አፍስሺበት» አሉኝ። አፈሰስኩበት። አንዱን ዙር ፈታሁ፣ ሌላውን ፈታሁ። ሥጋው ቀይ ነው፤ አዲስ ቆዳ ይዞ እንደገና በመንገዱ ተሰነጣጥቋል። የእሳት ቁስል ነው። አጠብኩት፤ አላቃሰተም። ወደ ግራው ተሻገርኩ። ጨርቁ ረጅም ነበር፤ የሚያልቅ አልመስል አለኝ። የመጨረሻው ዙር ሲወርድ ሁለተኛዋ ጣት አውራ ጣቱ ላይ ወጥታ ተቀምጣ አየኋት።

የአባቴ ጣት ናት።

መሮጥ ፈለግሁ፤ ብነሣ ግን ፊቴን ያያል። የራሴን ግራ እግር ከቀሚሴ ሥር ሸሸግሁ። አሁን ጎንበስ ይላል፣ አሁን ፀጉሬን ይይዛል እያልኩ ጠበቅሁ። እሱ ግን ወደ ታች አላየም። ኋላ እትዬ አልጣሽ እንደነገሩኝ፣ ዓይኑ ያለማቋረጥ መንገዱ ላይ ነበር፤ የምታልፍ ልጃገረድ ሁሉ ላይ።

«ይህ እግር ምን አገኘው ጌታዬ?» አሉ።

«እሳት ነው።» ድምፁ ጭስ እንደበላው ሰው ሻክሯል።

«ቤት ተቃጥሎ?»

«ክምር።»

«እኔን! እህሉን ላድን ብለው ገቡበት?»

በዱላው ድንጋዩን መታ አደረገ። ከዚያ «ለእህል ብሎ ማን እሳት ውስጥ ይገባል፣ እህቴ?» አለ።

እጄ ቆመ።

«ልጄ እዚያ ውስጥ ያለች መስሎኝ ነው። ገሉንና የነጠላዋን ቁራጭ ከክምሩ ሥር አየሁ። ብጣራ አልመለሰችም። ሰው ቢይዘኝም አልያዝ አልኩ። ፍሙን በእግሬ ስበትን አደርኩ።» እንደገና አሳለ። «አጥንት አጣሁ። አጥንት ሳጣ፣ አለች አልኩ።»

«በዚህ እግር ታዲያ በመኪና አይመጡም?»

«በሕይወት ካለች በእግሬ መጥቼ እሳለማለሁ ብዬ ተስያለሁ። ቀጠን ያለች ናት፣ አሥራ አምስት ዓመቷ ነው። ዳሳሽ ነው ስሟ። እንግዳ ሲቀበሉ አይተዋት ይሆን?»

እትዬ አልጣሽ ሳፋውን ወደ ጎን ገፋ አደረጉ። ቀና ብዬ ባላያቸውም የት እንደሚያዩ አውቄያለሁ፤ የግራ እግሩን ጣት ነበር የሚያዩት። ትናንት የእኔን በእጃቸው አጥበዋታል። እነግረዋለሁ ቢሉ በአንድ ቃል ያበቃ ነበር። እሳቸው ግን «ትርንጎ፣ የእንግዳውን እግር አድርቂና ሳሚ» አሉ ብቻ።

አደረቅሁ። ጎንበስ ብዬ ሳምኩት። እጁ አናቴ ላይ አረፈ።

«ተባረኪ። ለአባትሽ ያቆይሽ፣ ልጄ» አለኝ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ ያን ሁሉ ሰምቼም ፍርሃቱ አልለቀቀኝም። ፍርሃት አንዴ ከገባ ማስረጃ አይሰማም። አጎቴ አለ፣ የዓመት ቀለብ አለ፣ የመንደሩ ሰው ፊት አለ። እትዬ አልጣሽ ንጹሕ ጨርቅ ሰጡትና እግሩን ለመጠቅለል እሱ ራሱ ጎንበስ አለ። የቀኙን ጨረሰ። የግራውን ጀመረ። ሲጨርስ ይነሣል፤ ያ ነጭ ባሕር ውስጥ ይገባል፤ ዳግመኛ አላገኘውም።

እግሬን ከቀሚሴ ሥር አወጣሁና እርጥቡ ድንጋይ ላይ፣ ከእግሩ አጠገብ አኖርኩት።

የሚጠቀልለው እጅ ቆመ። ጨርቁ ከጣቶቹ ወደቀ። ረጅም ጊዜ ቀና አላለም፤ ሁለቱን እግሮች ብቻ ያያል። ከዚያ በሁለት ጣቱ የእኔን ጣት ያዛት፣ እንዳታመልጠው ይመስል።

«ብርድ ነው» አለ። «ጫማሽ የታለ?»

«አባዬ፣ ክምሩ...»

«ተቃጠለ። እዚያው ነበርኩ እኮ!»

ይህን ብሎ ጮኸ። ላሊበላ መግቢያ ላይ፣ በዚያ ሁሉ ሕዝብ ፊት፣ አባቴ ስሜን እየጠራ ጮኾ አለቀሰ። ያን ድምፅ አወቅሁት። ገደሉ ውስጥ ሆኜ የሰማሁት ድምፅ ነው። ሊገድለኝ ነው ብዬ የሸሸሁት ያው ድምፅ ነው። ቁጣ ብቻ ያለው ሰው ስለመሰለኝ ሐዘኑን በቁጣው ስም ሰማሁት፤ ሁለት ሳምንት ሙሉ ከልቅሶ ስሸሽ ኖሬያለሁ።

ገናን አብረን ተሳለምን፤ ከዚያ ወደ አገራችን ተመለስን። ነገሩ ሁሉ ወዲያው አልተቃናም። የመንደሩ ሰው አዋጥቶ ዘር ሰጠን፤ የዚያ ዓመት ረኃብ ግን ረኃብ ነበር። አጎቴ እስከ ፋሲካ አላነጋገረኝም፤ አልፈርድበትም። አባቴም የዋህ ሆኖ አልቀረም። በሳምንቱ በጉ ገመድ በጠሰ ብሎ ሲጮኽብኝ እንደ ድሮው ደነገጥኩ፤ መሸሽ ግን አላማረኝም።

ከአራት ዓመት በኋላ አባቴ ራሱ አምጥቶ እትዬ አልጣሽ ዘንድ ተወኝ፤ ጧፍ ልማር ብዬ ነው። ያኔ ወደ ከተማው የመጣሁት ልደበቅ ነበር፤ አሁን ግን ቤት እንዳለኝ አውቄ ነው የመጣሁት። አንድ ቀን ፈትል እየፈተልን «እትዬ፣ መሸሼን መቼ አወቁ?» ብዬ ጠየቅኋቸው።

«ከረጢቱ ያለቀ ዕለት» አሉ።

«ታዲያ ለምን አልጠየቁኝም?»

«ብጠይቅሽ ትሮጪ ነበራ!»

እናንተ ይህን የምታነቡ፣ ምናልባት ከመካከላችሁ ከቤቱ ወጥቶ የቀረ ይኖራል። ተመለስ አልልህም፤ የማይመለሱበት ቤትም እንዳለ አውቃለሁ። እኔም በደጄ እንደዚያ ያለች ልጅ አሳድሬ አውቃለሁ። የምጠይቅህ አንድ ነገር ብቻ ነው። ስትሸሽ ከኋላህ የሰማኸውን ድምፅ አንድ ጊዜ ቆም ብለህ አስታውሰው። ምን እያለ እንደነበር እርግጠኛ ነህ?

ገና በመጣ ቁጥር ሳፋዬን ይዤ መግቢያው ላይ እንበረከካለሁ። ከእግሩ በፊት የማየው ትከሻውን ነው፤ ስንቅ የሌለው ተሳላሚ ካገኘሁ ስሙን ሁለተኛ አልጠይቀውም፣ ቤት እወስደዋለሁ። አባቴ ዛሬም በዱላ ነው የሚሄደው። ኮን ወርጄ በጠየቅሁት ቁጥር ውኃ አሙቄ ሳፋ አቀርብለታለሁ። እሱ ግን እግሩን ሰብሰብ አድርጎ «ተይው፣ ያኔ ያጠብሽው ይበቃኛል፤ ይልቅ እዚህ ተቀመጪ» ይለኛል።